ለታሪኩ ብሎ ለሚያይ ጨዋ ምስጋና

ባለፈው ቅዳሜ ቡና ላይ አንድ ወዳጄ አንድ ሰዓት ሙሉ አስተማረኝ። ትምህርቱ ስለ ሆንግ ኮንግ የመናፍስት ፊልም ነው፤ ያውም ልብሷ ትከሻዋ ላይ አልረጋ ስለሚላት መንፈስ። «እኔ እንኳ የማየው ለታሪኩ ነው» አለኝ። መቼም ታውቁታላችሁ፤ በየሰፈሩ አንድ አይጠፋም። በሩን ዘግቶ፣ ድምፁን ቀንሶ፣ ለታሪኩ የሚያይ።

እሱን የመሰለ ሊቅ ባይኖር እ.ኤ.አ. በ1988 ሆንግ ኮንግ «ከ18 ዓመት በታች ክልክል ነው» የሚለውን ሦስተኛ ምድብ ያወጣችው ለተመራማሪዎች መሆኑን ማን ይነግረን ነበር? በ1990 «ኢሮቲክ ጎስት ስቶሪ» የተባለው ፊልም ሲወጣ ትኬት የቆረጠው ወንድ ሁሉ የፑ ሶንግሊንግን ድርሰት ሊያጠና ነበር ለካ! ፑ ሶንግሊንግ በ1715 የሞተ ቻይናዊ ደራሲ ነው። ቀበሮ ቆንጆ ሴት ሆና ስለምትመጣበት፣ ሙት ስለምታፈቅርበት ዓለም አምስት መቶ ገደማ ተረት ጽፏል። የመንግሥት ፈተና ደጋግሞ ወድቆ ያረጀ ሰው ስለነበር ነው መሰለኝ፣ ድሃ ተማሪ ይወዳል።

እኔም ከሁሉ የማደንቀው ይህንኑ ተማሪ ነው። እንደኛ የቆሎ ተማሪ መጽሐፉን አንግቶ ሲሄድ ዝናብ ይይዘዋል። የፈረሰ ቤተ መቅደስ ያያል። መንደርተኛው «እዚያ ያደረ አልተመለሰም» ይለዋል፤ ይገባል። ደጃፉ ላይ አፅም ተጋድሟል፤ ተራምዶት ያልፋል። እኩለ ሌሊት ላይ ሐር የለበሰች ልጅ ብቻዋን ትመጣለች። ውጭ ዶፍ ነው፤ እሷን ጠብታ አልነካትም። ዝም። እጇ በረዶ ነው፤ «በርዶሽ ነው» ብሎ ያሞቃታል። ንፋስ ሳይኖር መጋረጃው ይውለበለባል፤ ነፋሻ ቤት ነው ማለት ነው። ሻማው አረንጓዴ ይነዳል። ጥላ የላትም፤ በዚያ ሰዓት ደግሞ ማን ጥላ ያያል! የቻይናውን ፈላስፋ የኮንፊሽየስን ቃል በቃሉ የሚወጣ ልጅ «እመቤቴ፣ በዚህ ሌሊት መቃብር መሀል ምን ትሠሪያለሽ?» የምትል አንዲት ጥያቄ አትወጣውም። እኛ ጋ ቡዳ ጅብ ሆኖ ይሄዳል ሲባል ሕፃን እንኳ ይጠረጥራል። ሲነጋ አልጋው የመቃብር ድንጋይ ሆኖ ያገኘዋል። ምስኪን! ተታለለ!

ከዚያ መነኩሴ ይጠራል። በትሩ የሚያርፈው ማን ላይ ነው? እሷ ላይ።

እዚህ ላይ ግን ቀልድ አልችልም። በ1987ቱ ፊልም «ኤ ቻይኒዝ ጎስት ስቶሪ» ተዋናይቷ ጆይ ዎንግ የሆነቻትን ልጅ እዩ፤ ከዛፍ ሥር ተቀብራ፣ የዛፉ ጋኔን «ወንድ አምጪ» እያለ በየሌሊቱ የሚልካት፣ ሞታ እንኳ ያለ ፈቃዷ ለሌላ ጋኔን የምትዳር። ጃፓናዊው የፊልም ዳይሬክተር ካኔቶ ሺንዶ በ1968 በ«ኩሮኔኮ» ያሳያቸው አማትና ምራት ደግሞ ሳሙራዮች፣ የጃፓን ጦረኞች፣ ደፍረው፣ ቤታቸውን አቃጥለው የገደሏቸው ናቸው። ሳሙራይ እያማለሉ ጉሮሮውን የሚበጥሱት ከዚያ በኋላ ነው። ይህን አይቶ «ሴት አሳሳች ናት» ብሎ የሚነሣ ሰው ምን ዓይነት ዓይን ነው ያለው? ደግሞ ያፍራል እንዴ? አያፍርም!

ይቅርታ፣ ወደ ምስጋናዬ ልመለስ። ወዳጄ የ1987ቱን ፊልም አራት ጊዜ እንዳየው ነገረኝ፤ ለታሪኩ። ቡናው ሦስተኛ ሲደርስ «እሺ፣ ያ ዛፍ መጨረሻው ምን ሆነ?» አልኩት።

ስኒውን አስቀመጠና አየኝ። «የቱ ዛፍ?»