ስቴቱ ባይጠይቀንም ፈቃዱን እናውጣ

በአሜሪካ ካሉት 50 ስቴቶች 29ኙ ዛሬ ሽጉጥ በልብስ ስር ደብቆ ለመሄድ ፈቃድ አይጠይቁም። ሰውየው መሣሪያ እንዳይዝ በሕግ ካልተከለከለና ዕድሜው ከደረሰ፣ ወገቡ ላይ ሻጥ አድርጎ ገበያ መውጣት ይችላል። ቴክሳስ ይህን የፈቀደችው ከሴፕቴምበር 1 ቀን 2021 ጀምሮ ነው። ጆርጂያና ኦሃዮ በ2022፣ ፍሎሪዳ በ2023፣ ሳውዝ ካሮላይናና ሉዊዚያና በ2024 ተከተሉ። አትላንታ፣ ዳላስ፣ ሂውስተን፣ ኮሎምበስ ሁሉም እዚህ ውስጥ ናቸው። ብዙ ወገኖቻችን የሚኖሩባቸው ከተሞች ማለት ነው።

እኔ እነዚህ ስቴቶች ተሳስተዋል ከሚሉት ወገን ነኝ። ሆኖም ሕጉ ዛሬ ይህ ነው፣ በቅርቡም የሚቀየር አይመስልም። ስለዚህ ዋናው መልእክቴ ለእኛው ነው። ሽጉጥ ለመያዝ የወሰነ ሰው ስቴቱ ባይጠይቀውም ፈቃዱን ያውጣ፣ ስልጠናውንም ይውሰድ።

ሰው ለምን ሽጉጥ ገዛ ብዬ አልፈርድም። ሌሊት ጋዝ ስቴሽን ውስጥ ብቻውን የሚያድር ልጅ ፍርሃቱ እውነተኛ ነው። የመጠጥ መደብር ከፍቶ እኩለ ሌሊት ላይ ካሽ ይዞ የሚወጣ አባወራም እንደዚያው። ስንቱ ታክሲ ነጂ ተዘርፏል፣ ስንቱስ ሕይወቱን አጥቷል። እነዚህን ሰዎች ከሞቀ ቤት ሆኖ መምከር ቀላል ነው። የማወራው ሽጉጡ ከተገዛ በኋላ ስለሚመጣው ጣጣ ነው።

የመጣነው ፈቃድ ከሚጠይቅ አገር ነው። በኢትዮጵያ የጦር መሣሪያ አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ያለ ፈቃድ መታጠቅን ይከለክላል። ስለዚህ አንድ የአገራችን ሰው ጆርጂያ ውስጥ «ፈቃድ አያስፈልግም» ሲባል፣ ጆሮው የሚሰማው «ሕግ የለም» የሚለውን ነው። ሕጉ ግን ሞልቷል። ቀድሞ ፈቃድ ሲያወጣ ቢያንስ አንድ ሰው ወይም አንድ ወረቀት ስለ ገደቡ ይነግረው ነበር። አሁን የሚነግረው የለም። ሱቁ የፌዴራል ፎርም አስሞልቶ፣ የወንጀል መዝገቡን አጣርቶ ሽጉጡን ይሰጠዋል። በቃ። ሌላውን የሚማረው ሲታሰር ነው።

ገደቦቹን ጥቂት ልጥቀስ። ቴክሳስ ውስጥ ከገቢው 51 በመቶ ወይም ከዚያ በላይ በቦታው ከሚጠጣ አልኮል የሚያገኝ ቤት በር ላይ 51 በመቶ የሚል ቀይ ምልክት ይለጠፋል። እዚያ ሽጉጥ ይዞ መግባት ክልክል ነው። የእኛ ምግብ ቤቶች ደግሞ ቀን ክትፎ ቤት ሆነው ማታ መጠጥ ቤት ወደ መሆን የሚያደሉ ብዙ ናቸው። ስለዚህ በሩ ላይ የተለጠፈውን ሳያነቡ መግባት አደጋ አለው። ጆርጂያ ውስጥ ቤተ ክርስቲያኑ ራሱ ካልፈቀደ በቀር ታጥቆ ቅዳሴ መግባት አይቻልም። ኡበርና ሊፍት የስቴቱ ሕግ ምንም ቢል ሾፌሩ መሣሪያ ይዞ እንዳይሠራ ይከለክላሉ። በሽጉጥ ምክንያት ከሥራ የተባረረ ሾፌር «ስቴቱ ፈቅዶልኛል» ቢል የሚሰማው የለም።

አየር ማረፊያውም አለ። በ2023 በመላው አሜሪካ የመንገደኞች ፍተሻ ላይ ከ6,700 በላይ መሣሪያዎች ተይዘዋል። ከ10ሩ 9 የሚበልጡት ጥይት የጎረሱ ነበሩ። ብዙ የተያዘበት የአትላንታው አየር ማረፊያ ነው። የተያዙት ሰዎች የሚሰጡት የተለመደ ምክንያት «ቦርሳዬ ውስጥ መሆኑን ረሳሁት» የሚል ነው። ጥይት የጎረሰ ሽጉጥ የት እንዳስቀመጠ የሚረሳ ሰው በየመንገዱ አብሮን አለ ማለት ነው።

ከሁሉም ብዙ ሰው የማያውቀው የትምህርት ቤቶች ጉዳይ ነው። በፌዴራል ሕግ ከትምህርት ቤት በ1,000 ጫማ፣ ማለትም በ300 ሜትር ገደማ ክልል ውስጥ መሣሪያ መያዝ ወንጀል ነው። ከዚህ ነፃ ከሚሆኑት አንዱ ትምህርት ቤቱ ያለበት ስቴት ፈቃድ የሰጠው ሰው ነው። ፈቃድ ሳያወጣ «ስቴቴ አይጠይቅም» ብሎ የታጠቀ ሰው ግን ይህ ከለላ የለውም። ሽጉጡን ጥይቱን አውጥቶ ካልቆለፈበት በቀር በትምህርት ቤት በር ላይ ሲያልፍ የፌዴራል ሕግ ይጥሳል። በዚህ ብቻ የሚከሰስ ሰው ብዙ አይደለም። ሌላ ነገር ሲመጣ ግን ተጨማሪ ክስ ሊሆን ይችላል። አትላንታ ወይም ዳላስ ውስጥ ትምህርት ቤት ሳያልፉ ውሎ መግባት ይቻላል? ፈቃዱ ግዴታ በማይሆንበት ስቴት እንኳ ጥቅም አለው የምለው አንዱ ለዚህ ነው።

አሁን ወደ ዋሽንግተን ዲሲ አካባቢ ልምጣ። ብዛታችን የሚታየው እዚያ ነው። ነገሩም የከፋው እዚያ ነው።

ቨርጂኒያ ደብቆ ለመያዝ ፈቃድ ትጠይቃለች፣ የሚሰጠውም በሰርኪት ፍርድ ቤት በኩል ነው። ሽጉጡን በግል መኪና ውስጥ በተዘጋ ዕቃ ወይም በተዘጋ ኪስ ውስጥ ማስቀመጥ ግን ያለ ፈቃድም ይቻላል። አንድ የአሌክሳንድሪያ ነዋሪ በሕግ የገዛውን ሽጉጥ የመኪናው ዳሽቦርድ ኪስ ውስጥ ዘግቶበታል እንበል። ጥፋት የለበትም። ማታ እንጀራ ፍለጋ ወይም ጓደኛ ለማግኘት 14ኛ ጎዳና ድልድይን ተሻግሮ ዲሲ ይገባል። የፖቶማክን ወንዝ እንደተሻገረ ያው ሽጉጥ፣ በዚያው ኪስ ውስጥ እስከ 5 ዓመት ሊያሳስር የሚችል ወንጀል ይሆናል። ወደ ሲልቨር ስፕሪንግ ቢቀጥል ሜሪላንድም አለችበት። እዚያ ያለ ፈቃድ ሽጉጥ በሰውነትም ሆነ በመኪና ውስጥ መያዝ፣ ቢደበቅም ባይደበቅም፣ ክልክል ነው። ዲሲም ሜሪላንድም የቨርጂኒያን ፈቃድ አይቀበሉም። የጆርጂያንም የቴክሳስንም አይቀበሉም። ሁለቱም የየራሳቸውን ፈቃድ ይሰጣሉ፣ ለዚያም 16 ሰዓት ስልጠና ይጠይቃሉ። ዲሲ 2 ሰዓት የተኩስ ልምምድ ትጨምርበታለች።

በየስቴቱ ለሚያልፍ ተጓዥ ከለላ የሚሰጥ የ1986 የፌዴራል ሕግ አለ። ሽጉጡ ጥይት የሌለው፣ እጅ የማይደርስበት ቦታ የተቀመጠ፣ መነሻውና መድረሻውም የሚፈቅዱ መሆን አለባቸው። እራት ሊበላ ዲሲ የገባን ሰው ይህ ሕግ አያድነውም። የአንዱ ስቴት ፈቃድ በሌላው እንዲሠራ ለማድረግ የቀረበ ረቂቅም ነበር። በ2017 በተወካዮች ምክር ቤት አለፈ፣ ሴኔት ላይ ቀረ።

ዜጋ የሆነ ሰው እንዲህ ዓይነት ነገር ቢያጋጥመው ጠበቃ ይቀጥራል፣ ይቀጣል ወይም ይማራል። ከዚያ ቤቱ ይገባል። ግሪን ካርድ የያዘ ሰው ግን ሁለተኛ ፍርድ ይጠብቀዋል። የኢሚግሬሽን ሕጉ መሣሪያን ሕግ በመጣስ መግዛት፣ መያዝ ወይም ይዞ መሄድን ለማባረር የሚበቃ ጥፋት ያደርገዋል። ሰው መግደል አይጠበቅበትም፣ ማቁሰልም አይጠበቅበትም። አንድ የመሣሪያ ጥፋተኝነት ከአገር ለማስወጣት ምክንያት ሊሆን ይችላል። ብዙ ዓመት እዚህ መኖር፣ ግብር መክፈል፣ ልጅ ማሳደግ ለዳኛ የሚቀርብ መከራከሪያ ነው እንጂ በራሱ ዋስትና አይደለም። በዲሲ ፍርድ ቤት «ትንሽ ቅጣት ነው፣ ጥፋተኛ ነኝ በልና ውጣ» የተባለ ሰው በኢሚግሬሽን በኩል ምን እንደሚጠብቀው የሚያውቀው ዘግይቶ ሊሆን ይችላል። ስለዚህ የወንጀሉን ክስ የያዘው ጠበቃ ከኢሚግሬሽን ጠበቃ ጋር ሳይነጋገር ምንም ነገር መፈረም አይገባም።

በተማሪ ወይም በጎብኚ ቪዛ ያለ ሰውማ ከጥቂት ሁኔታዎች በቀር መሣሪያ መያዝ ራሱ በፌዴራል ሕግ የተከለከለበት ነው። ሕጋዊ መኖሪያ የሌለውም እንዲሁ። ስቴቱ ፈቃድ ጠየቀ አልጠየቀ ለእነሱ ለውጥ የለውም። የጥገኝነት ጉዳዩ በሂደት ላይ ያለ ወገን ጠበቃ ሳያማክር የጓደኛውን ሽጉጥ እንኳ ለአንድ ሌሊት አደራ መቀበል የለበትም። ይህን በየማኅበሩና በየዕድሩ ስብሰባ ደጋግሞ መናገር ያስፈልጋል። ሳይቃጠል በቅጠል ነው።

የፖሊስ ነገርም አለ። ፊላንዶ ካስቲልን ብዙዎች ያስታውሱታል። የትምህርት ቤት ካፍቴሪያ ኃላፊ ነበር። በጁላይ 2016 ሚኔሶታ ውስጥ ፋልከን ሃይትስ በተባለች ከተማ መኪና ሲነዳ ፖሊስ አስቆመው። ሽጉጥ የመያዝ ፈቃድ ነበረው። ሽጉጥ እንደያዘም በጨዋ አነጋገር ለፖሊሱ ነገረው። ከሰከንዶች በኋላ ፖሊሱ ተኩሶ ገደለው። ፍቅረኛውና የ4 ዓመት ልጇ መኪናው ውስጥ ሆነው አዩት። ፖሊሱ በ2017 በነፃ ተለቀቀ።

ፈቃዱ ካስቲልን አላዳነውም። ይህን የሚያነሳ ሰው እውነት አለው። እኔን ግን የሚያስፈራኝ ከዚህ የባሰው ነው። ካስቲል እዚህ የተወለደ፣ እንግሊዝኛ አፉን የፈታበት ሰው ነበር። የእኛ ሰው ሌሊት፣ መብራት ዓይኑ ላይ በርቶበት፣ ደንግጦ፣ በሁለተኛ ቋንቋው ምን ይላል? እጁን የት ያደርጋል? መንጃ ፈቃዱ ሽጉጡ ባለበት ኪስ ከሆነስ? አላስካና ሜይን ያለ ፈቃድ የታጠቀ ሰው ፖሊስ ሲያስቆመው ወዲያው እንዲናገር ያስገድዳሉ። ከተጠየቀ ብቻ የሚሉ ስቴቶችም አሉ። ይህ ሁሉ በስልጠና ላይ የሚነገር፣ ተደጋግሞም የሚለማመዱት ነገር ነው። በቲክቶክ ቪዲዮ አይገኝም።

ፈቃድን የሚቃወሙት ደግሞ ባዶ እጃቸውን አይደሉም። ማርቲን ሉተር ኪንግ በ1956 ሞንትጎመሪ ያለው ቤቱ በቦምብ ከተመታ በኋላ ደብቆ ለመያዝ ፈቃድ ጠየቀ። አላባማ ከለከለችው። ከእርሱ የበለጠ ሥጋት ያለበት ሰው ማን ነበር? ኒውዮርክም ከመቶ ዓመት በላይ አመልካቹን «ለምን ፈለግህ፣ ከሌላው የተለየ ምን አለብህ?» ስትል ኖራለች። መልሱን የሚመዝነው ባለሥልጣን ነበር። ዘመድና ገንዘብ ያለው ያገኛል፣ የብሮንክሱ ድሃ ደግሞ ያለ ፈቃድ ይዞ ይታሰራል። ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሲደርስ የብሮንክስ ድሆችን የሚወክሉ ተከላካይ ጠበቆች ከመሣሪያ ባለቤቶች ማኅበር ጎን ቆመው ጻፉ። ፍርድ ቤቱ በጁን 23 ቀን 2022 በ6 ለ3 ድምፅ የኒውዮርክን ሕግ ሻረው። እኔ በዚህ ውሳኔ አላዘንኩም። ባለሥልጣን ደስ ሲለው የሚሰጥ፣ ሲከፋው የሚነፍግ ፈቃድ ለስደተኛ መቼም አይበጅም።

ያው ፍርድ ቤት ግን ፈቃድ መጠየቅን በጠቅላላው አልከለከለም። መስፈርቱ ግልጽ ይሁን፣ ያሟላ ሁሉ ያግኝ ነው ያለው። የወንጀል መዝገብ ማጣራትና የመሣሪያ አያያዝ ስልጠና መጠየቅ ይቻላል። እኔ የምደግፈው ይህን መንገድ ነው። ቴክሳስ ለፈቃድ የምትጠይቀው ከ4 እስከ 6 ሰዓት የሚወስድ ትምህርት፣ የጽሑፍ ፈተናና የተኩስ ፈተና ነው። ለአንድ ቅዳሜ ይበቃል። ያንን ግዴታ ያነሳችው የዳላስን ጨምሮ የፖሊስ አዛዦች እየተቃወሙ ነው። ጆርጂያ ደግሞ ድሮም ፈቃድ ስትሰጥ ስልጠና አትጠይቅም ነበር። ስለዚህ እዚያ ፈቃድ ያወጣ ሰውም ስልጠናውን በራሱ ፈልጎ መውሰድ አለበት።

በጥናት በኩል ክርክሩ ረጅም ነው። የስታንፎርዱ ጆን ዶናሂው ከባልደረቦቹ ጋር በ2019 ባወጣው ጥናት፣ ሽጉጥ ይዞ መሄድን ያቀለሉ ስቴቶች ከ10 ዓመት በኋላ የዓመፅ ወንጀላቸው ይጠበቅ ከነበረው ከ13 እስከ 15 በመቶ ከፍ ብሎ ተገኝቷል። ተቃራኒውን የሚሉ ምሁራንም ከ1990ዎቹ ጀምሮ አሉ። ጥናቱ እኔ የምደግፈውን ዓይነት ፈቃድ የሚሰጡትንም ስቴቶች እንደሚያካትት አውቃለሁ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የድሮውን በር ስለዘጋው ግን በእጃችን የቀረው ስልጠናው ነው። እሱንም መጣል ለምን እንደሚያስፈልግ አይገባኝም።

አንድ ሊሠራ የሚችል ነገር አለ። የዲሲ የቋንቋ ተደራሽነት ሕግ ከ2004 ጀምሮ አለ፤ የከተማው መሥሪያ ቤቶች ዋና ዋና ሰነዶቻቸውን ከሚተረጉሙባቸው ቋንቋዎች አንዱም አማርኛ ነው። የሽጉጥ ፈቃዱ ስልጠናና መመሪያ በአማርኛ እንዲሰጥ ማኅበሮቻችን መጠየቅ ይችላሉ። ሕጋዊ ፈቃድ ያላቸው ሐበሻ አሰልጣኞች ካሉም በቤተ ክርስቲያን አዳራሽ፣ በመስጊድ ወይም በማኅበረሰብ ማዕከል ከኢሚግሬሽን ጠበቃ ጋር ተቀምጠው ሕጉን ያስረዱ። ሽጉጦቹ ግን ለዚያ ቀን እቤት ይቀመጡ። በአትላንታና በዳላስም ይኸው ይደረግ፤ እዚያ ሳይሠለጥኑ መታጠቅ ይቻላልና።