እጅህ ከውጭ አይገባም

ልጻፈው እንጂ ዛሬ እንቅልፍ አይወስደኝም። እጄ ላይ ያለው ግሪስ ገና አልለቀቀም፤ ስልኩን እያቆሸሽኩት ነው። ይቆሽሽ።

ያ ሰውዬ ጋራዣችን መጣ። ታውቁታላችሁ፣ ሦስት ባጃጅ ያለው፣ ቁልፍ ጣቱ ላይ እያሽከረከረ የሚያወራው። አንዷ ባጃጁ ጭስ በጭስ ሆናለች። ሞተር አወረድኩ፤ ፒስተኑ ከነፋሻው፣ ከነቀለበቱ ማለቴ ነው፣ አልቆለታል። መለዋወጫ ሱቅ ሄድን። ባለሱቁ መጀመሪያ ስልኩን አየ፣ ከዚያ ዋጋ ጠራ። እኔ ደነገጥኩ። ሰውዬው ግን ምን ቢል ጥሩ ነው? «ዶላር ነዋ፣ ምን ይደረጋል» አለና ቆጥሮ ከፈለ። አንዲት ብር ቀንስ አላለም። ጭራሽ ባለሱቁን ያጽናናው ጀመር! «እናንተም ተቸግራችኋል» ይለዋል።

ከዚያ እኔ ፀሐይ ላይ ተጋድሜ ስገጥም ዋልኩ። አስነሳኋት፤ ድምፅዋ ጥርት አለ። የእጅ 1,500 አልኩት። ሳቀ። ፈገግታ አይደለም፣ ሳቅ።

«ለምኑ?»

«ሞተር ወርዶ ነው እኮ ጋሼ።»

«አምና በ800 አይደለም እንዴ የሠራኸው?»

«ፒስተኑስ አምና በስንት ነበር?»

«እሱማ ከውጭ ነው የሚገባው!»

ይሄኔ አለቃዬ ከቢሮው ወጣ። ቢሮ ስል ኮንቴይነሩን ነው። እኔ ሞኙ ደራሽ መጣልኝ ብዬ ደስ አለኝ። ምክንያቱም ደሞዝ ጨምርልኝ ባልኩት ቁጥር «የእጅ ዋጋ ሲጨምር ያንተም ይጨምራል» የሚለኝ እሱ ነው። ይኸው ጨመርኩ! አለቃዬ ግን ሰውዬውን ትከሻ ለትከሻ ሰላም ብሎ «ልጅ ነው፣ አትፍረድበት» አለው። ልጅ! ሠላሳ ሊሞላኝ ነው። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ፣ ጎሚስታው እየሰማ፣ ረዳቴ እየሰማ፣ «አንተ ደግሞ እጅህ ከውጭ አይገባም፤ ምን አስጨመረህ?» አለኝ።

ጋራዡ በሳቅ ፈረሰ። ቡና የምታፈላዋ ልጅ ሳትቀር ሳቀች። እሷ እንኳን ስኳር ተወደደ ብላ የስኒውን ዋጋ ከጨመረች ቆየች። በ800 ተዘጋ።

ከሳቁት መሃል ያልነበረው የባጃጇ ሹፌር ብቻ ነው። ጥግ ቆሞ መሬት መሬት ያያል። እሱም የራሱ ጣጣ አለበት። በየቀኑ ለሰውዬው የሚያስገባው ገቢ ጨምሯል። ለምን ጨመረ ብትሉት መልሱ «መለዋወጫ ተወደደ» ነው። ማደያ ተሰልፎ ሳይደርሰው ሲቀር በሃይላንድ ከሚሸጡት ይገዛል፤ እሱንም ከኪሱ። ሰውዬው ዶላር ሲጨምር ከሹፌሩ ላይ ያነሳል፣ ከኔ ላይ ያስቀንሳል። እሱን ምን ነካው ታዲያ? ቁልፉን ያሽከረክራል።

እሺ፣ እጄ ከውጭ አይገባም። እጄ የሚበላውስ? የምግብ ዘይቱ በመርከብ ነው የሚመጣው። የእናቴ የደም ግፊት መድኃኒት ማሸጊያው ላይ የሕንድ ስም ነው ያለው። ሽንኩርቱን እንኳን እንየው። እዚሁ አፍንጫችን ሥር ከፎገራ ነው የሚመጣው፣ የጣናን ዳር ይዞ። ውኃው ግን በነዳጅ ሞተር ይሳባል። ማዳበሪያው ከውጭ ይገዛል። የሚጭነው አይሱዙ ናፍጣ ይጠጣል። ባሕር ዳር ገበያ እስኪደርስ ስንቴ ዶላር እንደነካው ቁጠሩት። የኔ እጅ ብቻ ነው እንግዲህ ንጹሕ የሀገር ውስጥ ምርት።

ሐምሌ 22 ቀን 2016ን አልረሳትም። የምንዛሪ ተመኑ ለገበያ የተለቀቀ ዕለት ማለቴ ነው። 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በማግስቱ አይደለም፣ በዕለቱ 74 አለፈ። ረዳቴን ካንዴላ፣ ያቺን ሞተር ውስጥ እሳት የምትጭረውን፣ ግዛ ብዬ ላክሁት፤ ባዶ እጁን ተመለሰ። «አልሸጥም ብሏል፣ ዋጋ ላጣራ ብሏል» አለኝ። መደርደሪያው ላይ አቧራ የጠጣ ካንዴላ እኮ ነው! ሄጄ ተጣላሁት። ባለሱቁ ረጋ ብሎ «ይሄን ሸጬ ሌላ የምተካው በአዲሱ ዋጋ ነው» አለኝ። እውነቱን ለመናገር ነገሩ ገብቶኛል። በድሮው ዋጋ ቢሸጥ መደርደሪያው ባዶ ይቀራል።

ግን ለካንዴላ የገባው ነገር ለሰው አይገባም። እኔ ስተካ ስንት አወጣለሁ? ምንም። ባለፈው ጭማሪ ስጠይቅ አለቃዬ በአገጩ ወደ በሩ አመለከተኝ። ዲፕሎማቸውን ፌስታል ውስጥ የያዙ ሁለት ልጆች ቆመዋል። አንዱ «ለምሳ ብቻም ቢሆን እሠራለሁ» ብሎታል አሉ። በልጁ አልፈርድም። የከተማው ነገር እንደምታውቁት ነው፣ ሥራ የለም፣ እንግዳ ከቀረ ቆየ። ጀልባ ይነዱ የነበሩ ልጆች እኮ ናቸው አሁን እኔ ጋር ጎማ የሚፈቱት። ዕቃ ሲጠፋ ይወደዳል፤ ሰው ግን ሞልቷል።

ሒሳብ ልንገራችሁና ሳቁ። ያኔ ደሞዜ 6,000 ነበር። በ57 ስታካፍሉት 105 ዶላር ነው። ከዚያ ወዲህ አለቃዬ «እንግዲህ ተደሰት» ብሎ አንድ ሺህ ጨመረልኝ። 7,000። አሁን ዶላር 150ን ተሻግሯል፤ 47 ዶላር እንኳን አይሞላም። ተጨምሮልኝ ከግማሽ በታች ወረድኩ! ዶላር በእጅህ ይዘህ አታውቅም ብላችሁ እንዳትሳደቡ። አልያዝኩም። ዘይቱና ቤንዚኑ ግን ይዘውታል።

በቴሌቪዥን የሚተነትኑት ሰዎች ደግሞ ብር ሲረክስ ኤክስፖርት ይበረታታል፣ ባለሀብት ይመጣል፣ ሥራ ይከፈታል ይላሉ። ሊሆን ይችላል። ግን ባለሀብቱን የሚያመጣው ምኑ ነው? «ርካሽ የሰው ኃይል አለን» እያልን የምናስተዋውቀው እኮ እኔን ነው። የረከስኩት እኔ ነኝ! የግል ድርጅት ሠራተኛ ከዚህ በታች አይከፈለውም የሚባል ወለል እስካሁን የለም። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ፣ 1156/2011፣ የደመወዝ ቦርድ ይቋቋማል ይላል። ይላል። እኔም በየወሩ ልብስ እገዛለሁ እላለሁ።

ኧረ የቤት ኪራዩን ረስቼው። መስከረም 2018 ላይ ለመንግሥት ሠራተኛ ደሞዝ ተጨመረ፤ ዝቅተኛው 4,760 የነበረው 6,000 ገባ። ደግ ነው፣ ይብላበት፣ እሱም ተጎድቷል። ግን አከራዬ ዜናውን ሰማች። በማግስቱ ጠዋት በሬን አንኳኳች። «እትዬ፣ እኔ እኮ የመንግሥት ሠራተኛ አይደለሁም» አልኳት። «ቤቱስ መቼ የመንግሥት ሆነ ልጄ» አለችኝ። መልስ አጣሁ።

አባቴ ደግሞ ያበሽቀኛል። ዶላር 2 ብር ከ7 ሳንቲም የነበረበትን ዘመን እያነሳ፣ 1985 ላይ 5 ብር ሲገባ ሰው እንዴት እንደደነገጠ ያወራል። አምስት ብር! 2010 ጥቅምት ላይ ብር በ15 በመቶ ሲረክስ እኔ ተለማማጅ ነበርኩ። ያኔ ደሞዝ ስላልነበረኝ አልተጎዳሁም። ጥሩ ጊዜ ነበር።

አብሮኝ ሙያ የተማረው ልጅ ጅዳ ነው። 1,500 ሪያል ያገኛል። ሪያል ከዶላር ጋር ታስሮ 3.75 ላይ ነው፣ አይነቃነቅም። ስለዚህ 400 ዶላር ነው። በ57 ጊዜ 22,800 ብር ነበር፣ አሁን 60,000። እዚያ አንዲት ሪያል አልጨመሩለትም፣ እዚህ ግን ሀብታም ሆነ። እናቱ ሰሞኑን ቆርቆሮ ቀየሩ። ረዳቴ ይሄን ሒሳብ ከሰማ ወዲህ ቻቪ (መፍቻ) ሲይዝ ልቡ የለም። መንገዱ ሰው እንደሚበላ ነገርኩት። «እዚህስ?» አለኝ። ጎበዝ ልጅ ነው፣ ገና ካርብሬተር ማስተካከል እንኳን በደንብ አላስተማርኩትም።

አሁን ኮመንት ላይ «የራስህን ጋራዥ ክፈት» የምትሉ እንዳላችሁ አውቃለሁ። አስቤዋለሁ። የሙሉ ቻቪ ሳጥን ዋጋ ጠየቅሁ። ሻጩ ነገረኝ፤ ቁጥሩን እዚህ አልጽፈውም። «ትንሽ ቀንስልኝ» አልኩት። «ከውጭ ነው የሚገባው ወንድሜ፤ ዛሬ ካልወሰድክ የነገውን ዋጋ አላውቅም» አለኝ። አልወሰድኩም። ነገም አልወስድም።