የፈረስ ጸጉሩ ይድላው

ጋናን በነጻነት ታጋይነቷ ያላሞገሰ የለም፤ በቆጣቢነቷ ያመሰገናት ግን እስካሁን አላየሁም። እንግሊዞች እ.ኤ.አ. በ1957 ጓዛቸውን ጠቅልለው ሲሄዱ ትተውት የቀሩትን ሁሉ አቧራውን እያራገፈ፣ በነበረበት ቦታ በክብር ያኖረ ሕዝብ ቢመሰገን ሲያንሰው ነው።

ከሁሉ አስቀድሞ የሚወደሰው የዳኞቹና የጠበቆቹ ዊግ ነው። ከፈረስ ጸጉር የተሠራ፣ ጎንና ጎኑ ላይ የተጠቀለሉ ዘለላዎች የተደረደሩበት፣ ከኋላው ሁለት ቀጫጭን ጅራቶች የሚንጠለጠሉበት ይህ የራስ ጌጥ የመጣው ፀሐይ ስትወጣ ሰው በሚደነቅበት አገር ነው። አክራ ውስጥ ግን ሙቀቱ 30 ዲግሪ ሲያልፍ፣ ጋናውያን «ዱምሶር» የሚሉት የመብራት መጥፋት ደርሶ ማቀዝቀዣው ዝም ሲል፣ ጠበቃው ከዊጉ ሥር የሚንቆረቆረውን ላብ በመሐረቡ ጠርዝ እየጠረገ «ክቡር ፍርድ ቤቱ እንደሚያስታውሰው» ይላል። እንግሊዞች ራሳቸው እ.ኤ.አ. በ2008 በፍትሐ ብሔርና በቤተሰብ ጉዳይ ከሚያስችሉ ዳኞቻቸው ራስ ላይ ዊጉን አውርደውታል። «ከባለቤቱ ያወቀ ቡዳ ነው» የሚሉ ምቀኞች አይጠፉም፤ እኔ ግን ባለቤቱ የሰለቸውን ዕቃ በአደራ የሚጠብቅ ሰው ታማኝ እንጂ ቡዳ አይባልም ባይ ነኝ። (ቅኝ አልተገዛንም ብለን ደረታችንን የምንነፋ እኛ እዚህ ላይ ብንስቅ ደስ ባለኝ፤ ነገር ግን የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጋችንን ያረቀቁልን ፈረንሳዊው ሬኔ ዳቪድ ናቸው። የእኛ ብልጫ ጋብዘን ማምጣታችን ነው።)

የአባቶች ወግም ከዚህ ቁጠባ ተጠቅሟል። ከጋና ሕዝቦች አንዱ የሆነው የአካን ንጉሥ ለሕዝብ በቀጥታ አይናገርም፤ ቃሉን «ኦክያሜ» የተባለው አፈ ንጉሥ በትሩን ይዞ፣ አሳምሮና አጣፍጦ ያደርስለታል። ይህ በእርግጥ ጥንታዊ ነው። ነገሥታቱና ባላባቶቹ በታላላቅ ጃንጥላዎች ሥር የሚሰየሙበት የአደባባይ ትዕይንት ግን «ደርባር» ይባላል፤ ቃሉ ፋርስኛ ሲሆን፣ እንግሊዞች ሕንድን ይገዙ ከነበሩት ከሙጋል ነገሥታት ግቢ ወስደው፣ እዚያው ሕንድ ውስጥ አጊጠውበት፣ ወደ ጎልድ ኮስት (ጋና በቅኝ ግዛት ዘመን ትጠራበት ወደነበረው ስም) ያሻገሩት ነው። የሦስት አገር ቤተ መንግሥት የደከመበትን ስም የአያት ቅድመ አያት አድርጎ መውረስ ምንኛ ቀላል ነው! የ1992ቱ ሕገ መንግሥትም ባላባቶቹን በፓርቲ ፖለቲካ እንዳይሳተፉ ከልክሎ ክብራቸውን ጠብቆላቸዋል፤ ምርጫ ሲቀርብ ፖለቲከኞች ወደ ግቢያቸው እንዳይመላለሱ ግን የከለከለ የለም።

ድሮ እንዲህ ያለ ትሕትና አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1900 እንግሊዛዊው ገዥ ፍሬዴሪክ ሆጅሰን ከአካን መንግሥታት አንዱ የሆነው የአሳንቴ መናገሻ ኩማሲ ድረስ ሄዶ «በወርቃማው በርጩማ ላይ ለምን አላስቀመጣችሁኝም?» ባለ ጊዜ፣ ንጉሡ እንኳ የማይቀመጡበት መሆኑን ያስረዱት የኤጂሱ ንግሥት እናት ያ አሳንቴዋ ናቸው፤ ያስረዱትም በጦርነት ነው። እ.ኤ.አ. በ1924 ከሲሸልስ ግዞት የተመለሱት የአሳንቴ ንጉሥ ፕሬምፔ ቀዳማዊም እንግሊዞች ባሠሩላቸው የማንሂያ ቤተ መንግሥት ዋጋው ተከፍሎ ሳያልቅ አልገባም ማለታቸው ይነገራል። የሰው ቤት በነጻ አልኖርም የሚል ግትርነት ለዘመናዊ ወዳጅነት አይመችም።

ይኸውና እ.ኤ.አ. በ2024 ወደዚያው ማንሂያ 32 የወርቅና የብር ቅርሶች ከብሪቲሽ ሙዚየምና ከቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም መጡ፤ ከእነዚህም የእንግሊዝ ጦር እ.ኤ.አ. በ1874 ኩማሲን ሲያቃጥል የዘረፋቸው ይገኙበታል። የመጡት በውሰት ነው፤ ለሦስት ዓመት። ቪክቶሪያና አልበርት የመቅደላውንም ዕቃ ለእኛ በረጅም ጊዜ ውሰት ሊሰጠን እ.ኤ.አ. በ2018 ጠይቆን ስለነበር፣ ደግነቱን በሩቅም ቢሆን እናውቀዋለን። የገዛ ወርቁን የተዋሰው ወገን ጨዋ ነውና የመመለሻውን ጊዜ ተስማምቶ ተቀብሏል። ዊጉን መልሱ ብሎ ከለንደን የጻፈ ግን እስካሁን አልሰማሁም።