ድሮን ያልዞረው ሰማዕት

"ያልተነገረው ታሪክ" እያሉ ዶክመንተሪ ለሚሰሩልን ልጆች እጃቸው ይባረክ። ባለፈው ሳምንት ስለ የካቲት 12፣ ስለ 1929ኙ የጣሊያን ጭፍጨፋ የተሰራ አዲስ አየሁ፣ እናንተም ሳታዩት አትቀሩም፣ ባታዩትም አይታችሁታል፣ የአምናውም የካቻምናውም እሱው ነው።

ድሮኑን ሳላመሰግን ግን አላልፍም። ከስድስት ኪሎ ሀውልት ሥር ይነሳል፣ ቀስ ብሎ ይወጣል፣ ይዞራል፣ ዋሽንት አለ፣ ደሞ በግራ ይዞራል፣ አሁን ፒያኖ ገባ፣ ዝቅ ይላል፣ "ሽሮሜዳ ሽሮሜዳ" የሚል ወያላ ቀና ብሎ ያየዋል፣ ከፍ ይላል፣ ሄጄ ቡና ጥጄ ስመለስም እየዞረ ነው፣ ሦስት ዞረ አበቃ ስል አራተኛውን ጀመረ፣ የታቦት ንግስ መስሎኝ እልል ልል ምንም አልቀረኝ። ቀጥሎ ዳይሬክተሩ ራሱ ጋቢ ለብሶ በስሎው ሞሽን ይራመዳል። ወዴት እንደሚሄድ አልተነገረንም፣ እንግዲህ ያልተነገረው ታሪክ ይሄ ይሆናል።

ከዛ አባታቸው ከጭፍጨፋው የተረፉ አንድ አዛውንት ቀረቡ። "ምን ተሰማዎት አባባ?" እንባቸው ዱብ ስትል ካሜራው ተጠጋ፣ ሙዚቃው ጨመረ። የአባታቸው ቤት የት ሰፈር እንደነበር፣ ማን እንደደበቃቸው፣ እነማንን እንደቀበሩ የጠየቀ የለም። እንባው ከተገኘ ስም ምን ያደርጋል።

እንዴ! ሰዎቹ እኮ ምጽዋት ሊቀበሉ ገነተ ልዑል ግቢ የተሰበሰቡ ድሆች ነበሩ፣ ከሀውልቱ ፊት ለፊት ያለው ዩኒቨርሲቲ ማለት ነው፣ ድሮኑ አንገቱን አንዴ ቢያዞር ያገኘው ነበር። አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም የጣሊያኑ ገዥ ግራዚያኒ ላይ ቦምቡን ሲወረውሩ ጥይቱ የወረደው እነሱ ላይ ነው። ሦስት ቀን ሙሉ አበሻ የሆነ ሁሉ በየመንገዱ ታረደ፣ ሰው ከነጎጆው በቤንዚን ነደደ። በግንቦት ደሞ የደብረ ሊባኖስ መነኮሳት። ግራዚያኒ በዚህ አንድ ቀን ችሎት አልቆመም፣ ጭራሽ በ2004 አፊሌ የምትባል የጣሊያን ከተማ መታሰቢያ አቆመችለት። እኛ ድሮን እናዞራለን!

ይቅርታ፣ ማመስገን ነበር የጀመርኩት።

ማሳረጊያው ላይ መርካቶ መጣ። ከላይ፣ በድሮን። ቆርቆሮ ጣሪያ፣ ጆንያ የተሸከመ ኩሊ፣ ተራኪው በወፍራም ድምፅ "ህይወት ግን ይቀጥላል" አለ። የኔ ጌታ፣ መርካቶን እኮ እዛ ያስቀመጠው ያው ጣሊያን ነው! ነጭ ለብቻው አበሻ ለብቻው ብሎ፣ የአራዳ ጊዮርጊስን ገበያ አንስቶ ወደ ምዕራብ አስወጣና መርካቶ ኢንዲጄኖ አለው፣ የአገሬው ሰው ገበያ። ለነጩ የመንግስት ሰራተኛ ደሞ ካሳ ኢንቺስ ተሰራለት፣ ያው የኛ ካዛንቺስ። በዛው በ1929 ጣሊያን ከአበሻ ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት ሲኖር ከተገኘ እስከ 5 ዓመት ይታሰር የሚል ህግም ወጥቷል፣ ለአዳር ከፍሏት ሲወጣ ግን ህጉ አያውቀውም።

ከሰሪዎቹ አንዱን ትናንት ምሳ ላይ አገኘሁት፣ እዛው ካዛንቺስ፣ ከፈረሳው በተረፈች አንዲት ምግብ ቤት። ጥብሱን እየጠቀለለ "ጣሊያንን እንኳን ጨርሰነዋል፣ ሌላ ያልተነገረ ታሪክ ካለሽ ጠቁሚኝ" አለኝ።