40 ሺህ ስኔፕ ግራስ ይዤ ጨለማ ውስጥ ቀረሁ

ዛሬ ብሶቴን ሳልጽፍ አልተኛም። ረጅም ነው፤ ጊዜ የሌለው ይለፈው።

ጉዳዩ የጌም ጉዳይ ነው። "ለጌም ነው እንዲህ የምትሆነው?" የሚለኝ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። አዎ፣ ለጌም ነው። ሦስት ሳምንት ሙሉ እያሰላሁ፣ ከእንቅልፌ እየነቃሁ ስልኬን እያየሁ የገነባሁትን ነገር በአንድ ረቡዕ ውሃ ሲበላው እንዴት ዝም ልበል?

ለማያውቀው ላስረዳ። የምጫወተው ኦልድ ስኩል ሩንስኬፕ የሚባለውን ነው። እ.ኤ.አ. በ2013 የተከፈተ ጌም ነው፤ ከ2018 ወዲህ በስልክም ይሠራል። ሥዕሉ የድሮ ነው፣ ዳታ ብዙ አይበላም፣ መካከለኛ ስልክ ይበቃዋል። አብዛኛው ሰው ጭራቅ ለመግደል ነው የሚገባው። እኔን የያዘኝ ግን ገበያው ነው። ግራንድ ኤክስቼንጅ ይባላል፤ ወደዚህኛው ጌም የመጣው እ.ኤ.አ. በ2015 ነው። ዓሣ አጥማጁ ዓሣውን፣ ገበሬው ቅጠሉን፣ ማዕድን ቆፋሪው ድንጋዩን እዚያ ያወጣል። ከዋጋው ጀርባ ያለው እውነተኛ ሰው ነው። እንግሊዝ ይኑር ብራዚል አታውቅም፤ የምታየው ስንት እንዳለ ብቻ ነው።

"ቁማር ነው" የሚለኝ ሰው ሁሉ አሠራሩን አያውቅም። ስለዚህ እሱንም ልንገራችሁ።

የምትፈልገውን እቃ፣ ብዛቱንና የምትከፍለውን ዋጋ ጽፈህ ታስቀምጣለህ። በዚያ ዋጋ የሚሸጥ ሲገኝ ይገዛልሃል። ጌሙን ዘግተህ ብትወጣም ትዕዛዝህ እዚያው ይጠብቃል። ይህቺን ያዙልኝ፣ በኋላ እመለስባታለሁ። አንዱን እቃ በ4 ሰዓት ውስጥ ከተወሰነ ቁጥር በላይ መግዛት አትችልም፤ ስለዚህ ሀብታሙ ገብቶ ገበያውን በአንዴ ጠራርጎ አይሄድም። ስትሸጥ ደግሞ ግብር ይቆረጥብሃል። በ2021 መጨረሻ ሲጀመር 1 በመቶ ነበር። በ2025 ወደ 2 በመቶ ወጣ።

ጌሙ ራሱ ከእቃው ጎን የሚያሳይህ ዋጋ አለ። እሱን አምኖ የሚነግድ ይከስራል፤ ያ ቁጥር ከገበያው ወደኋላ የቀረ ነው። እውነተኛውን ማወቅ ከፈለግክ አንድ ፍሬ በጣም ውድ ዋጋ ጽፈህ ግዛ፣ ከዚያ አንድ ፍሬ በጣም ርካሽ ጽፈህ ሽጥ። ስትገዛ ሻጩ የጠየቀውን ታያለህ። ስትሸጥ ገዢው ሊከፍል የተዘጋጀውን ታያለህ። በሁለቱ መካከል ያለው ማርጂንህ ነው። ከሱ ላይ ግብሩን ቀንስ። በ410 ጂፒ (የጌሙ ወርቅ ነው) የገዛሁትን በ418 ብሸጠው ግብሩ 8 ይወስዳል፤ ምንም አልቀረኝም። ብዙ ጀማሪ እዚህ ላይ ነው የሚወድቀው። "በ410 ገዝቼ በ415 ሸጥኩ፣ አተረፍኩ" ይላል። አላተረፍክም ወንድሜ። በእያንዳንዷ ፍሬ 3 ከኪስህ ወጥቷል፣ አላየኸውም እንጂ።

ይህ የዕለት ተዕለቱ ንግድ ነው። እኔን እንቅልፍ የነሳኝ ከዚህ ከፍ ያለው፣ ትንበያው ነው።

በፋሲካ ዋዜማ ዶሮ እንደሚወደድ የማያውቅ ሐበሻ የለም። ሁሉም ስለሚያውቀው ግን በዋዜማው ገዝቶ የሚያተርፍ የለም። የሚያተርፈው ጾሙ ገና አጋማሽ ላይ እያለ፣ ዶሮ ዞር ብሎ የሚያያት በሌለበት ሰሞን የገዛው ነው። እዚህም እንደዚያው ነው። ጌሙ ላይ አዲስ ነገር የሚገባው ረቡዕ ነው፣ በእኛ ሰዓት ከቀትር በኋላ። ምን እንደሚመጣ ቀደም ብሎ ይነገራል። ከባድ ጭራቅ የሚመጣ ከሆነ ሰው ፕሬየር ፖሽን የሚባለውን መጠጥ ይፈልጋል፤ ያለሱ አይቻልም። ፕሬየር ፖሽን ደግሞ የሚሠራው ራናር ከሚባለው ቅጠልና ስኔፕ ግራስ ከሚባለው ሣር ነው፣ አንድ ለአንድ። ዜናው ሲወጣ ሰው ሁሉ ግር ብሎ የሚሄደው ራናሩ ላይ ነው። እኔ ስኔፕ ግራሱን ያዝኩ። በበዓል ሰሞን ሁሉም ስለ ዶሮው ሲያወራ ስለ ሽንኩርቱ የሚያስብ የለማ! ዶሮ ወጥ ያለ ሽንኩርት ተሠርቶ ያውቃል?

ይህን ሐሳብ ማንም አልነገረኝም። በቴሌግራም "ይህን ግዙ፣ ሊፈነዳ ነው" እያሉ የሚለጥፉትን ሰምቼ አይደለም። እነሱን አንዴ ሰምቼ ትምህርቴን ወስጃለሁ። እንዲህ የሚልህ ሰው ቀድሞ ገዝቶ የጨረሰ ነው። አንተ ስትገዛ የሚሸጥልህ እሱ ነው። ዋጋው ሽቅብ ሲወጣ እያየህ ደስ ሲልህ እሱ እየወጣ ነው፤ ከዚያ ገዢ ይጠፋል፣ አንተ እቃውን ታቅፈህ ትቀራለህ። ዛሬም ድረስ ሰው በዚህ ይበላል፣ በጣም ነው የሚያናድደኝ፤ የሚበሉት ደግሞ ብዙ ጊዜ ገና የጀመሩ ልጆች ናቸው።

እና በየ4 ሰዓቱ እየገባሁ፣ ገደቡ በፈቀደልኝ ልክ እየለቀምኩ፣ 40 ሺህ ሞላሁ። በአማካይ 410። ሲባዛ 16.4 ሚሊዮን ጂፒ ነው፤ እጄ ላይ የቀረው 3 ሚሊዮን ብቻ ነበር። ረቡዕ ዕለት 520 ይገባል ብዬ ነበር ያሰላሁት። ከ520 ላይ ግብሩ 10 ነው፣ 510 ይደርሰኛል። በፍሬ 100 ንጹሕ ትርፍ። 4 ሚሊዮን።

አሁን ደግሞ ቦንዱ አለ። ጌሙን በነፃ የሚጫወት ሰው ገበያው ላይ 3 የትዕዛዝ ማስቀመጫ ቦታ ብቻ ነው ያለው። አባል ከሆንክ 8 ይሆናል፣ እቃውም ይበዛል። አባልነት የሚገዛው በውጭ ምንዛሪ ነው። እኔ ዶላር የሚከፍል ካርድ ከየት አመጣለሁ? ያለኝ መንገድ አንድ ነው። ሌላው በእውነተኛ ገንዘብ የገዛውን ቦንድ እኔ በጌሙ ወርቅ ከገበያው እገዛለሁ፤ 14 ቀን አባል ያደርገኛል። ዋጋው ከ10 ሚሊዮን ጂፒ በላይ ነው። ማለት እኔ በየሁለት ሳምንቱ ያን ያህል ካላተረፍኩ ከጨዋታ ውጪ ነኝ። የኔ 14 ቀን የሚያልቀው በዚያው ረቡዕ፣ ምሽት 12 ሰዓት ላይ ነበር። ከሰዓት ሸጬ፣ ቦንዱን ገዝቼ፣ ልቀጥል። ዕቅዱ ይህ ነበር።

ማክሰኞ ማታ 2 ሰዓት ተኩል ላይ መብራት ጠፋ።

አራብሳ የሚኖር ሰው ይህን ሲያነብ ራሱን እየነቀነቀ ነው። መጀመሪያ ምንም አልመሰለኝም። ስልኬ 40 ፐርሰንት ነበረው። ግን እኛ ሰፈር መብራት ሲቆይ ኔትወርኩም ተከትሎት ይሄዳል። 3 ሰዓት ሳይሞላ ዳታው ሞተ። ጥሪ ራሱ እምቢ አለ። እናቴ ሻማ ለኩሳ "ተኛ፣ ነገ ይመጣል" አለችኝ።

"ትዕዛዝህ አንተ ብትወጣም ይጠብቃል ብለህ የለ፣ ለምን ቀድመህ መሸጫውን አላስቀመጥክም?" የምትሉኝ አላችሁ። ልክ ናችሁ፣ ይህን ነው ያዙልኝ ያልኩት። ማታ 4 ሰዓት ላይ ላስቀምጥ ነበር! የምሽቱን ዋጋ አይቼ 510 ይሁን 530 ልወስን ብዬ ነው የቆየሁት። 10 ጂፒ ትንሽ ይመስላል፣ በ40 ሺህ ሲባዛ ግን 400 ሺህ ነው። ያን አንድ ሰዓት ተኩል ነው ያጣሁት። ቦንዱንም ቀድሜ ገዝቼ ማስቀመጥ ነበረብኝ፤ ይህኛው የራሴ ስህተት ነው፣ በማንም አላሳብብም። ግን ቦንዱን ብገዛ ከካፒታሌ ከግማሽ በላይ ይሄድ ነበር። ትንሽ ይዞ የሚነግድ ሰው ይህን ጣጣ ያውቀዋል።

ረቡዕ ጠዋት መብራት የለም። ኔትወርክ የለም። 7 ሰዓት ላይ ወደ መገናኛ ልሂድ ብዬ ወጣሁ። ሰልፉ እስከ ማዞሪያው ደርሷል። ዝናብ ጀመረ። ሚኒባስ ሲመጣ ሰው ይጋፋል፣ ረዳቱ የፈለገውን ዋጋ ይጠራል፤ ሁለት ሰዓት ቆሜ ገባሁ፣ ከዚያ ደግሞ መንገዱ አይላወስም። መስኮቱ ላይ ተደግፌ የማስበው አንድ ነገር ነው፤ አሁን አዲሱ ነገር ገብቷል፣ አሁን ሰው እየገዛ ነው፣ አሁን 500 አልፏል። ስልኬ 6 ፐርሰንት።

መገናኛ ደርሼ ጄኔሬተር ያለው ካፌ ስፈልግ፣ ቻርጅ ማድረጊያ ሶኬት ስለምን፣ ማኪያቶ አዝዤ ስልኬ እስኪነሳ ስጠብቅ፣ ዋይፋዩን ስታገል 12 ሰዓት ከሩብ ሆነ።

ዋጋውን በየደቂቃው የሚያሳየውን ገጽ ከፈትኩት። ስኔፕ ግራስ ከሰዓት 534 ነክቷል። 534! ከገመትኩት በላይ። ከዚያ የያዙት ሁሉ ሲያራግፉት ወርዶ 430 ላይ ነበር። በ430 ብሸጥ እንኳ ከግብር በኋላ በፍሬ 12 አተርፍ ነበር፣ 480 ሺህ። ጌሙን ከፈትኩት። አባልነቴ አልቋል። ስኔፕ ግራስ ደግሞ የአባል እቃ ነው። ነፃ ተጫዋች ሊሸጠው አይችልም። ባንኬ ውስጥ ተቀምጧል፣ አየዋለሁ፣ መሸጥ ግን አልችልም። እንድሸጠው ቦንድ ያስፈልገኛል። ቦንድ እንድገዛ መሸጥ አለብኝ።

ማኪያቶውን አልጠጣሁትም።

ለጓደኞቼ ስነግራቸው "የጌም ብር አይደል እንዴ፣ ምን ሆንክ" አሉኝ። አንዱ ደግሞ "ተገላገልክ፣ ቁማር ነበር" አለ። ቡናና ሰሊጥ በ2000 ዓ.ም. በተቋቋመው ምርት ገበያ ሲሸጥና ሲገዛ ቁማር የሚለው የለም። ፍላጎት አጥንተህ፣ አቅርቦት አይተህ፣ ግብር ቀንሰህ፣ ገደብ ጠብቀህ የምትሠራው ነገር እንዴት ነው ቁማር የሚሆነው? ቁማርተኛ ለምን እንዳሸነፈ አያውቅም። እኔ ለምን 534 እንደደረሰ ቁጭ ብዬ ላስረዳህ እችላለሁ።

የገባቸው አንድ ሰው ብቻ ናቸው። ከብሎካችን በታች ጉልት የሚቸረችሩ እናት አሉ፣ ሽንኩርት፣ ቲማቲም፣ ቃሪያ። ሐሙስ ጠዋት ሽንኩርት ልገዛ ወርጄ ፊቴን አዩና "ምን ሆነሃል ልጄ?" አሉኝ። ምኑን ብዬ ልጀምር? "እማማ፣ በስልክ እነግድ ነበር፣ ዋጋው ሲወጣ መብራት ጠፍቶ ሳልሸጥ ቀረሁ" አልኳቸው። ምን ዓይነት ንግድ እንደሆነ እንኳ አልጠየቁም። "እኔም ባለፈው ሁለት ሳጥን ቲማቲም ይዤ ዝናቡ መንገዱን ዘግቶት ዋለ። ማግስቱን ወጣሁ፣ ግማሹ ፈርሷል፣ ገዢውም ሌላ ቦታ ገዝቷል። ዋጋው እንደሆነ አውቄው ነበር" አሉኝ። ከዚያ በሽንኩርቱ ላይ ሁለት ቃሪያ ጨመሩልኝ። እኔ የጠፋብኝ የስክሪን ቁጥር ነው፣ እሳቸው የጠፋባቸው የልጆቻቸው እራት ነው፤ እኩል ነው አላልኩም። ግን የነገሩን ስሜት ካገኘኋቸው ሰዎች ሁሉ እሳቸው ናቸው ያወቁት።

የኔ ብሶት ይህ ነው። ከማላውቀው አገር ያሉ፣ ፊታቸውን አይቼ የማላውቃቸው ሰዎች ረቡዕ ዕለት ምን እንደሚገዙ፣ በስንት እንደሚገዙ አስቀድሜ ማወቅ ችያለሁ። የገዛ ቤቴ አምፖል መቼ እንደሚጠፋ ግን ማወቅ አልቻልኩም። መብራት አይጥፋ አላልኩም። ትራንስፎርመር ይበላሻል፣ መስመር ይጠገናል፣ ይገባኛል። ንገሩን ነው የምለው። "ማክሰኞ ማታ ይጠፋል፣ ሐሙስ ይመጣል" የምትል አንዲት መልእክት ብትደርሰኝ መሸጫዬን ምሳ ሰዓት ላይ አስቀምጬ እተኛ ነበር። እኔ ብቻ አይደለሁም። ታች ያለው ፀጉር ቤት ቀጠሮውን ያዛውር ነበር። ሥጋ ቤቱ ለፍሪጁ ጄኔሬተር ይለምን ነበር። ዳቦ ቤቱ ሊጡን አያቦካም ነበር። የተበላሸው ሁሉ ሳይነገረን ስለቀረ ነው። ደውለን ስንጠይቅ "እየተሠራ ነው" ይባላል፤ ሰዓት አይነገርም፣ ቀን አይነገርም።

አሁን ያለኝ 3 ሚሊዮን ጂፒና 3 ቦታ ነው። ከ50 ጂፒ በታች የሆነ እቃ ላይ 2 በመቶው ከ1 ስለሚያንስ ግብር አይነካውም። ስለዚህ ላባና ፋየር ሩን የሚባል የአስማት ድንጋይ ላይ ገብቻለሁ። በፍሬ 1 ጂፒ ነው የማገኘው። ቦንዱ ላይ ለመድረስ ከ7 ሚሊዮን ፍሬ በላይ ይፈልጋል። ስኔፕ ግራሱ ባንክ ውስጥ አለ፣ አይበሰብስም፣ እስከዚያ ይጠብቀኛል። ዛሬ መብራት አለ። ትዕዛዞቼን አሁኑኑ አስቀምጫቸዋለሁ፣ ስልኬም ፓወር ባንኩም ሙሉ ነው። ልተኛ።