1.8 የአዲስ አበባ እንጂ የጎጃም ቁጥር አይደለም

ሰሞኑን «በጎጃም አንዲት ሴት በአማካይ 1.8 ልጅ ብቻ ትወልዳለች፣ ወጣቱ ትዳር ጠልቷል» የሚል ጽሑፍ እየተቀባበላችሁት ነው። ይስተካከል።

1.8 እ.ኤ.አ. በ2016 በተካሄደው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት የአዲስ አበባ ቁጥር ነው። የአማራ ክልል 3.7፣ የአገሪቱ ደግሞ 4.6 ነበር። ጥናቱ ውጤቱን ያወጣው በክልል እንጂ በዞን አይደለም። ስለዚህ ከእሱ ተነስቶ «የጎጃም» ማለት አይቻልም።

መቀነሱ ግን እውነት ነው። እ.ኤ.አ. በ2000 የክልሉ ቁጥር 5.9 ነበር።

እኔን ይበልጥ ያስከፋኝ «ትዳር ጠልቷል» የሚለው ነው። በምሥራቅ ጎጃም ያለውን የማቻከል ወረዳ ገጠር የሚያውቅ ሰው እንዲህ አይልም! በክልሉ መሬት በሰፊው የተደለደለው በ1989 ዓ.ም. ነው፤ ከዚያ ወዲህ ለአቅመ አዳም የደረሰ ልጅ ወይ ከአባቱ ሁለት ጥማድ መሬት ላይ ቆርሶ ይወስዳል፣ ወይ የሰው መሬት በእኩል ያርሳል፣ ወይ ባሕር ዳር ሄዶ የቀን ሥራ ይፈልጋል፣ ጎጆ የሚወጣው እንግዲህ ያ ሁሉ ካለፈ በኋላ ነው። በሬ የሌለው ልጅ ሽማግሌ ለመላክም ያፍራል። ትዳር ጠልቶ አይደለም፣ መነሻ አጥቶ ነው።

ሴቶቹም ትምህርት ላይ ይቆያሉ። ካገቡም በኋላ ክንድ ላይ የሚቀበረውን የወሊድ መከላከያ እዚያው ቀበሌያቸው ጤና ኬላ ያገኙታል፤ አራርቆ መውለድ የራሳቸው ምርጫ ሆኗል።

ጽሑፉን ያጋራችሁ፣ እባካችሁ ቁጥሩንም ምክንያቱንም አርሙት።