ዋጋው በውስጥ መስመር ነው

ዓለም በንግድ ውድድር ተጠምዷል። የጓንዡው ቻይናዊ፣ የኢስታንቡሉ ቱርክ፣ የዱባዩ ሕንዳዊ ዕቃውን ስልካችን ድረስ አምጥቶ ይዘረግፈዋል፤ ከፎቶው ሥር ደግሞ ዋጋውን ይጽፋል። ምን እንደሚያጣድፈው እንጃ! የእኛ ነጋዴ ግን፣ ዕድሜና ጤና ይስጠውና፣ እንዲህ ያለ የአደባባይ ቅሌት ውስጥ አይገባም። በፌስቡክም ሆነ በቴሌግራም ሱቁን ሲከፍት ጫማውን ከፊት፣ ከኋላ፣ ሶሉን ሳይቀር ገልብጦ ያነሳል። ቁጥሩን ከ38 እስከ 43 ይዘረዝራል። የሕንፃውን ፎቅ፣ የሱቁን ቁጥር፣ ሁለት ስልክ ይሰጣል። «ጥቂት ፍሬ ነው የቀረው» ብሎ ያስጠነቅቃል። የእሳት ምልክት ይደረድራል። ይኼን ሁሉ ተናግሮ ዋጋው ላይ ሲደርስ ግን ጨዋነት ይይዘዋል፦ «ለዋጋ በውስጥ መስመር ያናግሩን።»

እኛ ደግሞ ይኼን ጨዋነት በማመስገን ፈንታ እናማርራለን። ከፎቶው ሥር የተጻፈውን ተመልከቱ። «ዋጋ»። «ዋጋ?»። «ስንት ነው»። «ፕራይስ ፕሊስ»። አንዱ እንደውም «ዋ» ብሎ ትቶታል፤ ከልምድ የተነሣ ቀሪውን ይረዱልኛል ብሎ። ለሁሉም የሚሰጠው መልስ አንድ ነው፦ «ውስጥ መልሰናል ውዴ»። ሕዝብ በአደባባይ አንድ ዓይነት ጥያቄ ይጠይቃል፣ መልሱን ግን እያንዳንዱ ለብቻው፣ በሹክሹክታ ይቀበላል። የንስሐ አባትም ከዚህ የበለጠ ምስጢር አይጠብቁም።

ውስጥ ገባችሁ እንበል።

«ሰላም፣ ጫማው ስንት ነው?»
«ሰላም ውዴ፣ እንዴት ነሽ? የትኛው?»
«የለጠፋችሁት ጥቁሩ።»
«እሱ ኦሪጅናል ነው የኔ ቆንጆ፣ የቱርክ ነው።»
«እሺ፣ ዋጋው?»
«ስንት ቁጥር ነው የምታደርጊው?»
«38። ዋጋው ስንት ነው?»
«የት ሰፈር ነሽ?»

ከዚህ በኋላ ጸጥታ ይሆናል። መልእክቱ መነበቡን የሚያሳዩት ሁለት ምልክቶች ብቻ ተሰልፈው ይጠብቃሉ። ማታ ላይ የድምፅ መልእክት ይመጣል፦ «ሱቅ ብትመጪ ይሻላል ማማዬ፣ በዋጋው አንጣላም።»

ያልገባው ሰው ይኼንን ጊዜ ማባከን ይለዋል። ታላላቆቹ የዓለም ኩባንያዎች ደንበኛቸው ማን እንደሆነ፣ ኪሱ ምን ያህል እንደሚችል ለማወቅ ስንት ኢንጂነር ቀጥረው ስንት ኮምፒዩተር ሲያስጮኹ ይውላሉ። የእኛዋ ባለሱቅ በአራት ጥያቄ ትጨርሰዋለች። ቦሌ ነሽ? አንድ ዋጋ። የካ አባዶ ነሽ? ሌላ ዋጋ። የፕሮፋይል ፎቶሽ ላይ በረዶ ከታየ ደግሞ ጥያቄም አያስፈልግም። በ+1 የሚጀምር ቁጥር ከመጣ ቨርጂኒያ ወይም ሜሪላንድ ያለ ሰው ነው ተብሎ ዋጋው እዚያው በዶላር ይታሰባል። በ+971 ወይም በ+961 ከመጣም ያው ነው፤ ዱባይ ወይም ቤይሩት ሰው ቤት ሠርታ ያጠራቀመችውን ለእናቷ ፍሪጅ መግዣ የምትልክ እህታችን «ዳያስፖራ» ተብላ ከቨርጂኒያው ዶክተር እኩል ትመዘናለች። ዕቃው አንድ ነው፣ ካርቶኑም አንድ ነው። ሚዛኑ ላይ የሚወጣው ገዢው ነው።

ፈረንጆቹ በዚህ ነገር ድሮ ነው የተሸነፉት። ኩዌከር የሚባሉት የእንግሊዝ ክርስቲያኖች በ17ኛው ክፍለ ዘመን ለሁሉም ገዢ አንድ ዋጋ መናገር የሃይማኖት ግዴታ ነው ብለው ሙጭጭ አሉ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን አሪስቲድ ቡሲኮ የሚባል ፈረንሳዊ ፓሪስ ውስጥ ቦን ማርሼ የሚባለውን ትልቅ መደብር ይዞ በየዕቃው ላይ ዋጋ ለጠፈ። ፊላደልፊያ ላይ ደግሞ ጆን ዋናሜከር የሚባል ነጋዴ የዋጋዋን ወረቀት በክር አንጠልጥሎ ተከተለው። ዶሮ ነጋዴም ይምጣ ባለርስት፣ ዋጋው ያው። ከዚያ በኋላ ያለውን የምታውቁት ነው፦ ሰዉ ሱቃቸውን ወረረው፣ ሕንፃቸው ሰፋ፣ ስማቸው በዓለም ዞረ። ምን ያደርጋል፣ ገዢያቸው የት ሰፈር እንደሚኖር እንኳ ሳያውቁ ሞቱ።

ይበልጥ የሚደንቀኝ ግን የዕቃው የራሱ የሕይወት ታሪክ ነው። ያ ጥቁር ጫማ «የቱርክ» ከመባሉ በፊት አሊባባ የሚባለው የቻይና የኢንተርኔት ገበያ ላይ ነበረ። እዚያ ዋጋው ቁልጭ ብሎ ተጽፏል፤ መቶ ጥንድ ከወሰድሽ ይኼን ያህል፣ ሺህ ከወሰድሽ ይኼን ያህል እያለ በደረጃ። ባለሱቋም ያንን አይታ፣ ከሌላው አወዳድራ፣ የሚያዋጣትን መርጣ ነው ያዘዘችው። ዋጋ መደበቅን ያልወደደችው ያኔ ገዢ ስለነበረች ነው። ዕቃው ባሕር ተሻግሮ፣ ጅቡቲ ወርዶ፣ ሞጆ ደረቅ ወደብ ከርሞ መርካቶ ሲገባ ነው ዋጋው ዓይነ አፋር የሆነው።

የአሊባባ መሥራች ጃክ ማ ራሱ እ.ኤ.አ. በኅዳር 2019 አዲስ አበባ ድረስ መጥቶ፣ በኢንተርኔት የሚካሄድ የዓለም ንግድ መድረክ እዚህ እናቋቁም ብሎ ከመንግሥት ጋር ተፈራርሞ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2022 መጀመሪያም የኢትዮጵያ ቡና በአሊባባ ገበያ ላይ በቀጥታ ሥርጭት ቀርቦ በሺዎች የሚቆጠር እሽግ በሰከንዶች ውስጥ አለቀ። በሰከንዶች! ምስኪን ቻይናዊ፣ «ሰላም ውዴ፣ እንዴት ነህ» ሳይባል፣ ሰፈሩን የጠየቀው ሳይኖር ገዝቶ ሄደ። የደንበኛ አያያዝ የሚባል ነገር እንዳልደረሰባቸው ከዚህ ይታወቃል።

እኛም ቢሆን መክፈሉ ላይ ከማንም አናንስም። ቴሌብር በ2013 ዓ.ም. ግንቦት ከመጣ ወዲህ፣ ኋላም ኤምፔሳ ከተጨመረ ወዲህ፣ ብር ከኪስ የሚወጣበት ፍጥነት ዓለም አቀፍ ደረጃ ደርሷል። ክፍያው ዐይን ሳይጨፈን ያልቃል። የሚከፈለው ስንት እንደሆነ ለማወቅ ብቻ ነው ሁለት ቀን የሚፈጀው።

ሕግ የለም እንዳትሉ። የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ነጋዴ ዋጋውን በግልጽ በሚታይ ቦታ ወይም በዕቃው ላይ እንዲለጥፍ ያዛል። ባለሱቋ ፎቶውን በግልጽ በሚታይ ቦታ ለጥፋለች፤ ግማሹን አክብራለች ማለት ነው።

በርግጥ ነጋዴውም የራሱ ምክንያት አለው፣ ይኼን ማስተባበል ነውር ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪው በገበያ ይወሰን ከተባለ በኋላ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ 100 ብርን አለፈ። ጠዋት በለጠፈው ዋጋ ማታ ቢሸጥ ያንኑ ዕቃ መልሶ የማያስመጣ ነጋዴ ነበር፤ ያ ሰው ዋጋውን ቢደብቅ አልፈርድበትም። ነገር ግን «በውስጥ መስመር» ከዶላሩ በፊትም ነበረ፤ ዶላሩ ረጋ ባለባቸው ወራትም አልተወንም። ገባ ብላችሁ ብትጠይቁ ሌላ ሌላው ምክንያት ይወጣል። «ገቢዎች ያያል» ይላል አንዱ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ዋጋ ካወጣሁ ጎረቤቴ አይቶ ከእኔ አሳንሶ ይሸጣል» ይላል ሌላው። እኔ ነኝ ያለ የኢኮኖሚክስ መምህር ውድድር ማለት ምን እንደሆነ እንዲህ ባጭሩ አያስረዳም። ሰውየው ግን የሚያወራው ስለሚሸሸው አደጋ ነው።

ጥበቡ ጫማ ላይ አልቆመም። አፓርታማ ሻጮቻችን ዋሽንግተን ዲሲ ድረስ ተሻግረው ኤግዚቢሽን ያዘጋጃሉ። መዋኛ ገንዳው፣ ጂሙ፣ ጄኔሬተሩ፣ የልጆች መጫወቻው በሥዕል ይታያል፤ የቅድሚያ ክፍያው መቶኛም በትልቁ ይጻፋል። የስንት መቶኛ እንደሆነ ነው የማይነገረው። ካሬው ስንት ነው ብሎ የጠየቀ ሰው ቡና ይቀርብለታል፣ ወንበር ይሳብለታል፣ «ለመሆኑ ወንድሜ፣ አሜሪካ ስንት ዓመት ሆነህ?» ይባላል። የሥራ ማስታወቂያውንም እዩት። የመጀመሪያ ዲግሪ፣ አምስት ዓመት ልምድ፣ እንግሊዝኛ አቀላጥፎ የሚናገር፣ ጫና የሚችል፤ ደመወዝ በስምምነት። ናይሮቢና ኪጋሊ ያለው ቀጣሪ በዚያው ባለሙያ ላይ ዐይኑን ጥሎ ደመወዙን በኢሜይል ሲልክለት፣ የእኛው ቀጣሪ ቃለ መጠይቁን ሦስተኛ ዙር አድርሶ «አሁን ስንት ነው የሚከፈልህ?» ብሎ ይጠይቃል። የት ሰፈር ነህ እንደ ማለት ነው።

የሚያሳስበኝ አዲሱ ትውልድ ነው። ወጣቶቹ ከቻይና መተግበሪያዎች ራሳቸው ማዘዝ ጀምረዋል። ዋጋውን ያያሉ፣ ማጓጓዣውን ይደምራሉ፣ ሰው የሚያመጣላቸውን ይፈልጋሉ፣ ይገዛሉ። የሦስት ሳምንት መንገድ መጠበቁን ከአንዲት የድምፅ መልእክት መጠበቅ መርጠውታል። እግዚአብሔር ይያቸው! እንዲህ እንዲህ እያሉ «ውዴ» ብሎ የሚጠራቸው ሳያገኙ ያረጃሉ።

መንግሥትም ከነጋዴዎቻችን አንድ ሁለት ነገር ቢማር አይከፋም። ለዓለም ንግድ ድርጅት አባልነት ያመለከትነው እ.ኤ.አ. በ2003 ነው። እዚያ ቤት ደግሞ የሚጠይቁት ነገር አያልቅም፦ በእያንዳንዱ ዕቃ ላይ የምታስከፍሉት ቀረጥ ጣሪያው ስንት ነው፣ በዝርዝር ጽፋችሁ አምጡ፣ ሁሉም አባል ያንብበው ይላሉ። ሁሉም ያንብበው! ተደራዳሪዎቻችን ይኼን ሁሉ ሰነድ ተሸክመው ጄኔቫ ከሚመላለሱ፣ ለጃፓኑ ለብቻ፣ ለአሜሪካው ለብቻ «ውስጥ መልሰናል» ብለው ቢልኩ፣ ከዚያም የት ሰፈር እንደሆኑ ቢጠይቁ ነገሩ ድሮ ባለቀ።

ነጋዴዎቻችን ግን በዚህ ረክተው የሚተኙ አይደሉም። ሰሞኑን አንድ የቴሌግራም ሱቅ ከሁሉም ልቆ አየሁት። ዋጋ የለም፣ እሱ የታወቀ ነው። ቁጥር የለም። ፎቶ የለም። የእሳት ምልክቶች ተደርድረው ከሥራቸው እንዲህ ተጽፏል፦ «አዲስ ዕቃ ገብቷል፣ ሳያልቅ ፍጠኑ! ምን እንደሆነ ለማወቅ በውስጥ መስመር ያናግሩን።» ሰዉ ተሰልፎ «ዋጋ?» እያለ ነው።